በአንድ ምዕራፍ የተቋረጠ ሲትኮምን ለትምህርት እንዴት እንመልከት?

ቤትንና የሥራ ቦታን አጣምሮ የሚያሳይ አስቂኝ ተከታታይ ድራማ (ሲትኮም) መጻፍ ለሚፈልግ ሰው ብዙውን ጊዜ የሚሰጠው ምክር፣ ለዓመታት የዘለቁትንና ስማቸው የገነነውን ሥራዎች እንዲመለከት ነው። ምክሩ መጥፎ ባይሆንም ለተማሪ አይመችም። ሰባትና ስምንት ዓመት የታየ ድራማ ከመቶ በላይ ክፍሎች ስለሚኖሩት ከዳር እስከ ዳር አይቶ መጨረስ ያደክማል፤ ከዚያም በላይ የተዋጣለት ሥራ ስፌቱን ስለሚደብቅ ተመልካቹ ይስቃል እንጂ እንዴት እንደተሠራ አያይም። በአንድ ምዕራፍ የተቋረጠ ሲትኮም ግን 22 ክፍሎች ቢኖሩት እንኳ፣ ማስታወቂያው ሲቀነስ እያንዳንዱ ክፍል 21 ወይም 22 ደቂቃ ስለሚሆን፣ ሁሉንም ለማየት ስምንት ሰዓት ገደማ ይበቃል። ደራሲዎቹ መንገዳቸውን ገና እየፈለጉ ሳለ የቆመ ስለሆነ፣ የትኛው ገጸ ባሕርይ ቦታ እንዳጣ፣ የትኛው ክፍል በችኮላ እንደተሰፋ በግልጽ ይታያል።

ይህ መመሪያ እንደዚህ ያለውን ድራማ ወረቀትና እርሳስ ይዞ እንዴት መመልከት እንደሚቻል ያስረዳል። በአጭሩ የምመክረው አንድ ነገር ነው፤ ቀልዱን ሳይሆን በቤትና በሥራ ቦታ መካከል ያለውን ደፍ ይቁጠሩ። በዚህ ዓይነት ድራማ ውስጥ ታሪክ የሚወለደው አንድ ነገር ደፉን ሲሻገር ነው፤ ምንም ነገር የማይሻገርበት ክፍል አንድ ድራማ ሳይሆን በየተራ የሚታዩ ሁለት ድራማዎች ይሆናል።

ምን እንምረጥ?

ለመለማመድ ከሁሉ የሚሻለው በአንድ ወቅት የጀመሩ፣ በተመሳሳይ ሌሊት የታዩና ሁሉም ያልሰነበቱ ሥራዎችን ጎን ለጎን ማየት ነው። እኔ የምመርጣቸው በ2013 መጸው በአሜሪካ የጀመሩትን ሦስቱን ነው (ቀኖቹ፣ ወራቱና ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። የመጀመሪያው በኤንቢሲ ጣቢያ የታየው «ዘ ማይክል ጄ. ፎክስ ሾው» ሲሆን፣ ተዋናዩ ማይክል ጄ. ፎክስ የሚጫወተው፣ እጅን በሚያንቀጠቅጠው የፓርኪንሰን ሕመም ምክንያት ሥራውን ትቶ ቤት የተቀመጠ የኒው ዮርክ ዜና አንባቢ ወደ ሥራው ሲመለስ ያሳያል። ሁለተኛው በዚያው ጣቢያ የታየው «ሾን ሴቭስ ዘ ወርልድ» ነው፤ ሾን ሄይስ የሚጫወተው ፍቺ የፈጸመ አባት፣ ታዳጊ ልጁ ጠቅልላ እሱ ዘንድ በገባችበት ሰሞን፣ በሚሠራበት የኢንተርኔት መሸጫ ድርጅት ሠራተኛው እስኪመሽ እንዲቆይ የሚያስገድድ አዲስ አለቃ ይመጣበታል። ሦስተኛው የሲቢኤስ «ዘ ክሬዚ ዋንስ» ሲሆን፣ ሮቢን ዊልያምስና ሳራ ሚሼል ጌላር በቺካጎ አንድ የማስታወቂያ ድርጅት አብረው የሚመሩ አባትና ልጅ ሆነው ይጫወታሉ።

ሦስቱም የሐሙስ ማታ ድራማዎች ነበሩ። የፎክስና የዊልያምስ ሥራዎች በአንድ ቀን፣ መስከረም 26 ቀን 2013 ጀመሩ፤ የሄይስ ሥራ ደግሞ በሳምንቱ ጥቅምት 3 ተከተለ። በሚቀጥለው ዓመት ግንቦት ላይ ሦስቱም አልነበሩም። እንዲህ ያለ አጋጣሚ ለተማሪ በረከት ነው፤ ተመልካቹ ያው፣ ሌሊቱ ያው፣ ወቅቱም ያው ስለሆነ፣ የሚታየው ልዩነት በአብዛኛው ከአሠራራቸው የመጣ ነው።

ማየት ከመጀመርዎ በፊት ስለ እያንዳንዱ ድራማ ሦስት ቁጥሮችን ያጣሩ፤ ስንት ክፍል ታዘዘ፣ ስንቱ ተሠራ፣ ስንቱስ ታየ? በዚያ ዘመን በአሜሪካ የተለመደው አካሄድ ጣቢያው መጀመሪያ አንድ የሙከራ ክፍል አሠርቶ ማየት፣ ከወደደው 13 ያህል ክፍሎች ማዘዝ፣ ተመልካች ካገኘ ደግሞ ዘጠኝ ጨምሮ 22 ማድረስ ነበር። በፎክስ ድራማ ግን ኤንቢሲ የሙከራ ክፍል እንኳ ሳይጠይቅ በ2012 አስቀድሞ 22ቱንም ክፍሎች አዘዘ። ከእነዚህ ውስጥ በጣቢያው የታዩት 15 ብቻ ናቸው፤ የካቲት 2014 ላይ ድራማው ከመርሐ ግብሩ ወጣ። ይህንን አስቀድሞ ማወቅ የአመለካከትዎን ሁኔታ ይለውጣል። ሙከራ ሳይደረግበት የታዘዘ ድራማ፣ ሌላው ዘንድ በሙከራ ክፍል ተፈትሾ የሚወድቀውን ጉድለት ይዞ ወደ ተመልካች ሊቀርብ ይችላልና፣ የመጀመሪያዎቹን ሦስት አራት ክፍሎች እንደ ተጠናቀቀ ሥራ ሳይሆን እንደ ልምምድ መመልከት ተገቢ ነው። በተጨማሪም ክፍሎች በተቀረጹበት ቅደም ተከተል የማይታዩበት ጊዜ ስላለ፣ የቀረጻውን ተራ የሚያሳይ ዝርዝር ካገኙ በዚያ ይመልከቱ።

የመጀመሪያው ክፍል ሦስት ጊዜ ይታያል

በመጀመሪያው ዙር ምንም አይጻፉ። እኔ ይህን ሥራ ስጀምር ከመጀመሪያው ደቂቃ አንስቼ እጽፍ ነበር፤ ክፍሉ ሲያልቅ በእጄ አምስት ገጽ ማስታወሻ ነበረኝ፣ የሳቅሁበትን ቦታ ግን አንድም አላስታውስም ነበር። ስለዚህ በመጀመሪያ እንደ ማንኛውም ተመልካች ተቀምጠው ይዩ፤ ሲያልቅ ሳይመለሱ የትኛው ትዕይንት በአእምሮዎ እንደቀረ በአንድ ዐረፍተ ነገር ብቻ ያስፍሩ። ይህ ዐረፍተ ነገር በኋላ ያስፈልግዎታል።

በሁለተኛው ዙር ሰዓት ይያዙ፣ ወረቀትዎንም በሁለት ቁም መስመሮች ለሦስት ይክፈሉ። ግራው ዓምድ የቤት፣ ቀኙ የሥራ ቦታ፣ መካከለኛው የደፉ ነው። በእያንዳንዱ ትዕይንት መጀመሪያ ደቂቃውን፣ ማን እንዳለና ምን እንደሚፈልግ በግራው ወይም በቀኙ ያስገቡ። መካከለኛው ዓምድ ባዶ ሆኖ ይቆያል፤ የሚሞላው ከአንዱ ዓለም ወደ ሌላው የሚሻገር ነገር ሲኖር ብቻ ነው። በሦስተኛው ዙር ድምፁን አጥፍተው ይመልከቱ። ድምፅ ሲጠፋ ቀልድ አብሮ ይጠፋና የተዋንያኑ አቋቋም፣ በር የሚከፈትበት ጊዜ፣ ማን ማንን እያየ እንደሆነ ብቻ ይቀራል፤ በንግግር ብቻ የቆመ ትዕይንትም ወዲያው ይጋለጣል።

ለምሳሌ ከፎክስ የመጀመሪያ ክፍል አንዷን ትንሽ ትዕይንት እንውሰድ። ቤተሰቡ ማዕድ ዙሪያ ተቀምጧል። አባትየው ማይክ ሄንሪ በሚንቀጠቀጥ እጁ ምግብ ከሳሕኑ አንሥቶ ለሌሎች ለማድረስ እየታገለ ነው፤ ሁሉም ዝም ብሎ ይጠብቃል፤ ተመልካቹም ልብ የሚነካ ነገር ሊመጣ ነው ብሎ ይዘጋጃል። በዚህ ጊዜ ሚስቱ ማንኪያውን ትቀማውና፣ ራስን የማሸነፉ ነገር ለሌላ ጊዜ ይቆይልን፣ እኛ ርቦናል በሚል መንፈስ ትናገረዋለች። ጠቅላላው ግማሽ ደቂቃ አይሞላም።

በወረቀቱ ላይ ይህ በግራው ዓምድ የሚሰፍር ተራ የቤት ትዕይንት ይመስላል። ነገር ግን በዚያው ክፍል በቀኝ በኩል ያለውን ሲያዩ፣ የቴሌቪዥን ጣቢያው የማይክን መመለስ ልብ በሚሰብር ሙዚቃ የታጀበ የጀግና ታሪክ አድርጎ ለማስተዋወቅ ይፈልጋል፣ እሱ ደግሞ ይህን አጥብቆ ይጠላል። ስለዚህ ማንኪያዋ ሁለት ሥራ ትሠራለች፤ ቤት ውስጥ ሕመሙ ማንም የማያጨበጭብለት የዕለት ተዕለት ጉዳይ መሆኑን ታሳያለች፣ ሥራ ቦታ ላይ የሚደረገውን ማጋነንም ማንም ሳይናገር ትመልሳለች። በመካከለኛው ዓምድ መጻፍ ያለበት «ርኅራኄ፣ ከሥራ ወደ ቤት ሊገባ ሲል በር ላይ ተመለሰ» የሚል ነው። እንዲህ ያለውን ነገር ለማየት ሁለቱን ዓምዶች ጎን ለጎን ማንበብ ያስፈልጋል፤ ድራማውን በተራ ብቻ ሲያዩት ያመልጣል።

የፎክስን ሥራ በተመለከተ ሌላም ደፍ እንዳለ ልብ ይበሉ፤ እርሱም በተዋናዩና በገጸ ባሕርዩ መካከል ያለው ነው። ማይክል ጄ. ፎክስ ራሱም የፓርኪንሰን ሕመም እንዳለበት በ1991 ተነግሮት በ1998 ለሕዝብ ያሳወቀ ሰው ስለሆነ፣ ተመልካቹ ድራማውን ሲከፍት የሚያውቀውን ይዞ ይገባል። በሁለተኛው ክፍል ደግሞ የማይክን ልብ የምታማልለውን ጎረቤት የምትጫወተው እውነተኛዋ ሚስቱ ትሬሲ ፖለን ናት። ቀልዱ በድራማው ውስጥ ሳይሆን ተመልካቹ ስለ ተዋንያኑ በሚያውቀው ነገር ላይ የቆመ ነው። በእኔ አስተያየት ይህ ለአንድ ክፍል የሚያስደስት፣ ለ22 ክፍሎች ግን የማይበቃ ስንቅ ነው፤ እንዲህ ያሉ ቀልዶችን በወረቀትዎ ላይ በተለየ ቀለም ያስምሩባቸውና ስንት እንደሆኑ በመጨረሻ ይቁጠሩ።

ደፉን የሚሻገረው ምንድን ነው?

መካከለኛው ዓምድ ሲሞላ የሚሻገሩት ነገሮች በጥቂት ዓይነት እንደሚመደቡ ያያሉ። አንዳንዴ ሰው ይሻገራል፤ አለቃ ቤት ይመጣል፣ ልጅ ቢሮ ትገባለች። አንዳንዴ ዕቃ፣ አንዳንዴም ውሸት ይሻገራል፤ ለአለቃ የተነገረው ሰበብ ቤት ድረስ ይከተላል። ከሁሉ የረቀቀው የጊዜ መሻገር ሲሆን፣ አንዱ ዓለም የሌላውን ሰዓት ይበላል። የስልክ ጥሪን ግን እንደ ግማሽ ብቻ ይቁጠሩት፤ ደራሲ ሌላ መንገድ ሲያጣ ስልክ ያስጮሃል።

መለኪያ እንዲሆንዎ ከአጫጭሮቹ በፊት የዚህን ዘርፍ አባት አንድ ሁለት ክፍል ይዩ። ካርል ሬይነር የፈጠረውና ሲቢኤስ ከ1961 እስከ 1966 ያሳየው «ዘ ዲክ ቫን ዳይክ ሾው»፣ ከኒው ዮርክ ከተማ ወጣ ባለችው ኒው ሮሼል ከሚስቱና ከልጁ ጋር የሚኖርን፣ ማንሃተን ውስጥ ደግሞ የቴሌቪዥን ቀልድ ጸሐፊዎችን የሚመራን ሮብ ፔትሪ የተባለ ሰው ይከተላል። ሬይነር መጀመሪያ ራሱ ዋናውን ሰው ሆኖ የሙከራ ክፍል ሠርቶ ነበር፤ ያ ሙከራ አልተሳካም። ሐሳቡ ሳይጣል ተዋናዩ ተለውጦ ሲሠራ 158 ክፍሎች ዘለቀ፤ እሱም ቢሆን ከመጀመሪያው ምዕራፍ በኋላ ለጥቂት ከመቋረጥ የተረፈ ነው። እዚህ ድራማ ውስጥ ሮብ ቤት ሲገባ የሥራ ጓደኞቹም ተከትለውት ይገባሉ፣ ቤት የተፈጠረው ነገር በማግስቱ ቢሮ ውስጥ የቀልድ ጥሬ ዕቃ ይሆናል። ሥራው ራሱ የቤትን ነገር የሚበላ ሥራ ስለሆነ ደፉ ሁልጊዜ ክፍት ነው። ደራሲው ገጸ ባሕርይውን የጫማ ሻጭ ቢያደርገው ኖሮ ይህ ሁሉ በቀላሉ አይገኝም ነበር።

አሁን ወደ ሦስቱ ይመለሱ። በ«ሾን ሴቭስ ዘ ወርልድ» የሚሻገረው በአብዛኛው ጊዜ ነው፤ አለቃው የሚወስዳት እያንዳንዷ ሰዓት ከልጅቷ የምትቀማ ናት። ይህ ግልጽና ለተመልካች በቶሎ የሚገባ ግጭት ነው፤ ችግሩ ግን በየሳምንቱ ያው ጥያቄ መመለሱ ነው፣ አባት ይደርሳል ወይስ አይደርስም? በ«ዘ ክሬዚ ዋንስ» ደግሞ ወረቀትዎ ላይ የግራው ዓምድ ባዶ ሊሆን ምንም አይቀረው። አባትና ልጅ ሁለቱም ቢሮ ውስጥ ስለሆኑ ቤተሰቡ ሥራ ቦታው ራሱ ነው። ስለዚህ የሚሻገር ነገር የለም፤ በምትኩ «አሁን የምታናግረኝ እንደ አለቃ ነው ወይስ እንደ አባት?» የሚል ጥያቄ በአንድ ክፍል ውስጥ ቆመው በሚነጋገሩ ሁለት ሰዎች መካከል ይመላለሳል። መካከለኛውን ዓምድ ይህን መቀያየር ለመቁጠር ይጠቀሙበት። የፎክሱ ሥራ ሁለቱም ዓለሞች ስላሉት ከሦስቱ ሰፊው ነው፤ ሆኖም ቤቱ በሰው የተሞላና ሞቅ ያለ፣ ቢሮው ግን ብዙ ጊዜ እንግዳ የሚያልፍበት መተላለፊያ የሚመስል ሆኖ አግኝቼዋለሁ። እርስዎ በደቂቃ ሲለኩት ሌላ ነገር ሊያገኙ ይችላሉና የእኔን አስተያየት ወደ ጎን ትተው ይለኩ።

ስለ ካሜራው በአጭሩ

ሁለት ዓይነት አቀራረጽ አለ። አንደኛው በተመልካች ፊት፣ በስቱዲዮ፣ በብዙ ካሜራ የሚቀረጸው ሲሆን፣ በ1951 «አይ ላቭ ሉሲ» በሦስት የፊልም ካሜራዎች ከተሠራ በኋላ ከሲትኮም ዋነኛ አሠራሮች አንዱ ሆኗል። ሌላው በአንድ ካሜራ እንደ ፊልም የሚቀረጸው ነው። የሾን ሥራ ከመጀመሪያው፣ ሁለቱ ሌሎቹ ደግሞ ከሁለተኛው ዓይነት ናቸው። ለእርስዎ የሚጠቅመው ነጥብ ይህ ነው፤ ተመልካች በሚስቅበት ድራማ ተዋናዩ ሳቁ እስኪያልፍ ስለሚጠብቅ ለታሪክ የሚቀረው ጊዜ ያንሳል፣ ቦታውም ጥቂት ስለሆነ ሰዎች ወደ ቤቱና ወደ ቢሮው በበር ይገባሉ። በአንድ ካሜራ የሚሠራው ግን መንገድ ላይም ሊወጣ ስለሚችል ደፉ አንዳንዴ በር ሳይሆን ታክሲ ውስጥ ያለ ሁለት ደቂቃ ይሆናል። ሁለቱን ዓይነት በአንድ መስፈሪያ አይለኩ።

ከመጀመሪያው ወደ መጨረሻው

ከመጀመሪያው ክፍል በኋላ ሁሉንም እንደዚያ መቁጠር አያስፈልግም። አራተኛውን፣ ስምንተኛውንና የመጨረሻውን ብቻ በሦስት ዓምድ ይሥሩ፤ ሌሎቹን ዝም ብለው ይዩ። የሚፈልጉት ለውጥ ነው፤ ማን ጠፋ፣ የማን ድርሻ ጨመረ፣ የትኛው ክፍል ሰፋ? ለውጥ ሲያዩ ግን ወዲያው «ተመልካች ስላልወደደው ነው» ብለው አይደምድሙ። ክፍሎች ከመታየታቸው ከሳምንታት በፊት ተጽፈው ስለሚቀረጹ፣ በመጀመሪያዎቹ አራት አምስት ክፍሎች የሚታየው ለውጥ የደራሲዎቹ ራሳቸው ፍለጋ ነው፤ የተመልካች ቁጥር ተጽዕኖ ሊታይ የሚችለው ከዚያ በኋላ ነው። ይህን ቀላል ነገር ሳያገናዝቡ የሚጻፉ ትችቶች ብዙ ናቸው።

ድራማው ለምን ቆመ የሚለውንም ጥያቄ በጥንቃቄ ይያዙት። በአሜሪካ የተመልካች ቁጥር የሚለካው በኒልሰን ድርጅት ሲሆን፣ በዚያ ዘመን ማስታወቂያ ሻጮች ከጠቅላላው ቁጥር ይልቅ ዕድሜያቸው ከ18 እስከ 49 የሆኑትን ተመልካቾች ይመለከቱ ነበር። የ«ዘ ክሬዚ ዋንስ» የመጀመሪያ ክፍል ከ15 ሚሊዮን በላይ ሰው አይቶታል፤ በዚያው ሌሊት የፎክስ ድራማ ያገኘው ወደ 7 ሚሊዮን ነበር። ሆኖም ሁለቱም ተቋረጡ፤ ትልቅ ተዋናይ የሚያመጣው የመጀመሪያ ቀን ተመልካች በየሳምንቱ ሲቀንስ ጣቢያው የሚያየው መጠኑን ብቻ ሳይሆን የመውረዱን ፍጥነትም ነውና። ከዚህም ሌላ ድራማውን ማን እንደሚቀድመው፣ በሌላ ጣቢያ በዚያ ሰዓት ምን እንዳለ ይመዝገቡ፤ የሾን ድራማ በምሽቱ 9 ሰዓት፣ በአሜሪካ አቆጣጠር፣ የተሰለፈው ከዚሁ ከዊልያምስ ድራማ ጋር ነበር። ጣቢያዎች ለመጪው መጸው የሚያሳዩትን በየዓመቱ ግንቦት ላይ ለማስታወቂያ ገዢዎች ኒው ዮርክ ውስጥ ስለሚያቀርቡ፣ ደካማ ድራማ እስከዚያ ድረስ ተቻችሎ ሊቆይ ይችላል፤ የዊልያምስ ሥራ 22ቱንም ክፍሎች አሳይቶ ግንቦት ላይ ሲሰረዝ፣ የሾን ሥራ ግን ጥር 2014 ላይ ቀረጻው ሳይቀር ቆመ። በዓመቱ መካከል የተነሣና በዓመቱ መጨረሻ ያልታደሰ ድራማ ፍርዳቸው አንድ አይደለም።

አሁን በመጀመሪያው ዙር የጻፉትን ያንን አንድ ዐረፍተ ነገር ያውጡት። በአእምሮዎ የቀረው ትዕይንት በየትኛው ዓምድ ውስጥ ይወድቃል? በመካከለኛው ከሆነ፣ ከሦስቱ ድራማዎች አንዱን ይምረጡና ያልተሠራ አንድ ትዕይንት ለራስዎ ይጻፉለት። ለአንድ ካሜራ ድራማ አንድ ገጽ አንድ ደቂቃ ያህል ስለሚሄድ ከሦስት ገጽ አይለፉ፤ ሁለት ሰዎች፣ አንድ ዕቃ፣ አንድ በር ይበቃዎታል፤ ስልክ አይግባበት። ጽፈው ሲጨርሱ የቦታውን ስም ከገጹ አናት ይሰርዙና ለሌላ ሰው ያስነብቡት። አንባቢው «ይህ ቤት ነው ወይስ ቢሮ?» ብሎ ከጠየቀ፣ ዕቃው ገና ደፉን አልተሻገረምና ከሁለተኛው ገጽ ጀምረው እንደገና ይጻፉት።